የካሴት ደብዳቤ

ቁስ፦ ፕላስቲክ፣ የብረት ኦክሳይድ የተቀባ የፖሊስተር ክር
ዘመን፦ ከ1970ዎቹ እስከ 1990ዎቹ ዓ.ም.
አካባቢ፦ ጎብዬ፣ ራያ ቆቦ፣ ሰሜን ወሎ

ካሴት የሆላንዱ ፊሊፕስ ኩባንያ ሠርቶ በ1955 ዓ.ም. መጨረሻ በርሊን ላይ ለሕዝብ ያቀረበው የድምፅ ማስቀመጫ ነው። ክሩ ወደ 4 ሚሊ ሜትር የሚጠጋ ስፋት አለው፤ በላዩ የተቀባው የብረት ኦክሳይድ ድምፁን በመግነጢስ መልክ ይይዛል። 60 የሚል ቁጥር የተጻፈበት ካሴት በአንድ ገጽ 30 ደቂቃ ይቀዳል።

በወልድያና በቆቦ መካከል እንዳለችው ጎብዬ ባሉ ከተሞች ካሴት ከዘፈን ሌላ ሥራም ነበረው። ልጁ አረብ አገር የሄደበት ቤተሰብ ቴፑን ከብቦ ሰላምታውን በየተራ ይቀዳ ነበር፤ ካሴቱ በመንገደኛ እጅ ይላክ ነበር፤ መልሱም በሌላ ካሴት ይመጣ ነበር። ማንበብና መጻፍ ያልተማሩ እናቶች ጸሐፊ ሳይለምኑ ምርቃታቸውን በገዛ ድምፃቸው ማድረስ መቻላቸው የካሴት ትልቁ ውለታ ነው። የሠርግ ጭፈራና የለቅሶ ሙሾም በዚሁ እየተቀዳ ተቀምጧል።

በካሴቱ ጀርባ ሁለት ትናንሽ የፕላስቲክ ምላሶች አሉ። እነሱ ከተሰበሩ ሌላ ድምፅ አይቀዳበትም፤ ባለቤቶቹ ሊያኖሩት የፈለጉትን ይጠብቁ የነበረው በዚህ ነው። ቀዳዳው በፕላስተር ከተደፈነ ግን እንደገና ይቀዳል፣ የቀድሞው ድምፅም ይጠፋል። የላላ ክር በእስክሪብቶ ተጠቅልሎ ይስተካከላል፤ ሙቀትና አቧራ ያደረሱበት ጉዳት ግን እንዲህ አይጠገንም። ሞባይል ስልክ ሲስፋፋ የካሴት ደብዳቤ ቀረ።