ኩን ሳ

ኩን ሳ (የካቲት 10 ቀን 1926 – ጥቅምት 15 ቀን 2000 ዓ.ም.) በበርማ፣ በዛሬዋ ምያንማር፣ በሻን ግዛት የገነነ የጦር አበጋዝና የኦፒየም ነጋዴ ነበር። አገሪቱ በ1948 ነጻ ከወጣች ጀምሮ ያልበረደው የእርስ በርስ ጦርነት ያወጣው ሰው ነው። (ከልደቱና ከሞቱ በቀር ዓመታቱ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ስምና ትውልድ

የመጀመሪያ ስሙ ቻንግ ቺፉ ነው። አባቱ ቻይናዊ፣ እናቱ የሻን ተወላጅ ነበሩ። አባቱ በልጅነቱ ሲሞቱ እናቱ የአካባቢውን ግብር ሰብሳቢ አገቡ። «ኩን» የሚለውን የባላባት ማዕረግ ከእንጀራ አባቱ እንደወሰደው ይነገራል። ሌሎች ደግሞ ስሙን በ1970ዎቹ ያነሣው ቻይናዊ ነጋዴ መባሉ ቀርቶ የሻን ነጻ አውጪ ለመምሰል ነው ይላሉ። ሁለቱ የግድ አይጣሉም፤ ማዕረጉ ከቤት ቢገኝም የወጣበት ጊዜ የታሰበበት ይመስላል።

የ1967ቱ ቅፍለት

በ1963 መንግሥት አማፅያንን እንዲዋጋ የሚሊሺያ አዛዥነት ሰጠው፤ ኦፒየም ሲነግድም ዝም አለው። በ1967 ክረምት 16 ቶን ኦፒየም በ300 በቅሎ አስጭኖ፣ 500 ያህል ታጣቂ አሰልፎ ወደ ላኦስ ላከ። የሲራራ ነጋዴ ታሪክ ለሚያውቅ አንባቢ ነገሩ እንግዳ አይደለም፤ ጭነቱ ብቻ ይለያል። በ1949 ከቻይና የተባረሩት የብሔርተኛው የኩሚንታንግ ፓርቲ ወታደሮች መንገዱን ይዘው ቀረጥ ያስከፍሉ ነበር። እሱ ግን አልከፍልም ብሎ ነበርና ተከትለው በሜኮንግ ዳር ባለች ባን ክዋን በምትባል መንደር፣ በአንድ የእንጨት መሰንጠቂያ ግቢ ገጠሙት። በዚህ መሐል የላኦስ ጦር አዛዥ ጄኔራል ኡዋን ራቲኮን ሁለቱንም ወገን በአውሮፕላን አስደበደበ። ጭነቱን ሊገዛ የነበረው ራሱ ጄኔራሉ ነው። የኩን ሳ ሰዎች 82 ሬሳ፣ 15 በቅሎና አብዛኛውን ኦፒየም ጥለው ወንዙን ተሻገሩ፤ ጄኔራሉም ዕቃውን ሳይከፍል ወሰደ።

እስር

በ1969 ታሰረ። በ1973 ተከታዮቹ እሱን ለማስፈታት ሁለት የሶቭየት ሐኪሞችን አገቱ፤ በ1974 ተፈታ።

ሆ ሞንግና መጨረሻው

በ1982 የታይላንድ ጦር በታይላንድ ውስጥ ከነበረው ሰፈሩ ከባን ሂን ቴክ ሲያባርረው ድንበር ተሻግሮ በርማ ውስጥ ሆ ሞንግ ላይ ከተመ። በ1985 ከሌላ ቡድን ጋር ተዋሕዶ የመሠረተው የሞንግ ታይ ጦር እስከ 20,000 ሰው እንደነበረው ይገመታል። የኦፒየሙን ምርት ለአሜሪካ መንግሥት ልሽጥላችሁ እስከማለት ደርሶ ነበር። አሜሪካ ግን ኒው ዮርክ ላይ በሄሮይን ንግድ ከሰሰችው፤ ለሚያስይዘውም 2 ሚሊዮን ዶላር መደበች።

በጥር 1996 ለበርማ መንግሥት እጁን ሰጠ። አሜሪካ ብትጠይቀውም ተላልፎ አልተሰጠም። ያንጎን ከተማ ተቀምጦ በንግድ ሲተዳደር ኖረና በ73 ዓመቱ፣ አንድም ፍርድ ቤት በዚያ ክስ ሳያቆመው እዚያው ሞተ።