በራስ ጦርነት መሳቅ፦ ዴቪድ ክሮፍትና የሽማግሌዎቹ ጦር

አንድ የጀርመን ሰርጓጅ መርከብ አዛዥ ከነባሕረኞቹ ተማርኮ፣ በአንዲት ትንሽ የእንግሊዝ የባሕር ዳር ከተማ፣ በቤተ ክርስቲያን አዳራሽ ውስጥ ይጠበቃል። ጠባቂዎቹ አብዛኞቹ ሽማግሌዎች ናቸው፤ አንድ ለጋ ወጣትም አብሯቸው አለ። ምርኮኛው ግን አንገቱን አልደፋም። ጀርመን ስታሸንፍ ሒሳብ የሚያወራርድባቸውን ሰዎች ስም በደብተሩ ይመዘግባል። ወጣቱ በሂትለር ላይ የሚያፌዝ ዘፈን ሲያንጎራጉር አዛዡ ዞር ብሎ፣ «ያንተም ስም ይገባል፤ ማን ትባላለህ?» ይለዋል። የጠባቂዎቹ አለቃ ሻምበል ማነሪንግ ልጁን ለማዳን ይቸኩልና ይጮኻል፦ «እንዳትነግረው፣ ፓይክ!»

ይህ ቀልድ በቢቢሲ የተላለፈው በ1973 ነው (እዚህ ያሉት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ከግማሽ ምዕተ ዓመት በኋላም እንግሊዞች ያስታውሱታል። «ዳድስ አርሚ» ወይም በእኛ አነጋገር «የአባባ ጦር» የተባለውን ይህን ተከታታይ ኮሜዲ ከጂሚ ፔሪ ጋር የጻፈውና በፕሮዲዩሰርነትና በዳይሬክተርነት የመራው ዴቪድ ክሮፍት ነው። የክሮፍትን ሥራ መለስ ብሎ ማየት አንድ ከባድ ጥያቄ ያስነሳል። አንድ ሕዝብ ሙታኑን ሳያዋርድ በራሱ ጦርነት መሳቅ ይችላል?

ክሮፍት በ1922 በደቡብ እንግሊዝ፣ በዶርሴት ግዛት ተወለደ። የአባቱ ስም ሻርላንድ ነበር፤ እሱ ግን በመድረክ ስሙ የያዘው የእናቱን ስም ነው። እናቱ አኒ ክሮፍት የታወቀች የሙዚቃ ቲያትር ተዋናይት ነበረች። አባቱም ተዋናይ ስለነበር ልጁ ከመጋረጃ ጀርባ አደገ ማለት ይቻላል። ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ሲመጣ መድፈኛ ሆኖ ዘመተ፤ በሰሜን አፍሪካ ታምሞ ተመለሰ፤ በኋላም በመኮንንነት ወደ ሕንድ ተላከ፤ እስከ ሻለቅነት ደረሰ። ከጦርነቱ በኋላ ዘፈነ፣ ተወነ፣ ጻፈ፣ በበትሊን የመዝናኛ ካምፖች ትርዒት አዘጋጀ። ወደ ቴሌቪዥን የገባው በንግድ ጣቢያዎች በኩል ነው። በ1960ዎቹ ቢቢሲ ሲደርስ ሠራዊቱንም መድረኩንም ከውስጥ የሚያውቅ ሰው ሆኖ ነበር።

«ዳድስ አርሚ» የተወለደው በ1967 ነው። ጂሚ ፔሪ በወቅቱ ትንንሽ ሚና የሚለቃቅም ተዋናይ ነበር። ወኪሉ የክሮፍት ባለቤት አን ነበረች። ክሮፍት በሚመራው አንድ ድራማ ላይ ትንሽ ሚና ሲያገኝ አጋጣሚውን አላሳለፈውም፤ የጻፈውን ድርሰት ሰጠው። ታሪኩ ፔሪ ራሱ በጉርምስናው ያገለገለበት የ«ሆም ጋርድ» ታሪክ ነው፤ ዕድሜው የገፋ፣ ዕድሜው ያልደረሰ፣ ወይም ሥራው ከመደበኛው ጦር ያስቀረው ሰው የተሰባሰበበት የበጎ ፈቃደኞች ጦር። ክሮፍት ድርሰቱን አንብቦ ወደደው፤ አብረውም መጻፍ ጀመሩ።

ይህ ጦር የተቋቋመበት ጥሪ ለኢትዮጵያውያን እንግዳ ባልሆነ ሰው አንደበት የተነገረ ነው። ግንቦት 14 ቀን 1940 በሬዲዮ ቀርቦ ፈቃደኞችን የጠራው የጦር ሚኒስትሩ አንቶኒ ኢደን ነበር። ኢደን በ1935 መጨረሻ የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር የሆነው፣ ሳሙኤል ሆር የኢትዮጵያን መሬት ለሙሶሊኒ ሊቆርስ ከፈረንሳዩ ላቫል ጋር ያደረገው ስምምነት ተጋልጦ ሥልጣኑን በለቀቀ ጊዜ ነው። በአምስተኛው ዓመት ወረራው የእንግሊዝን ደጅ አንኳኳ። በ1940 በጋ ወደ አንድ ሚሊዮን ተኩል የሚጠጋ ሰው ተመዘገበ። መሣሪያው ግን አልተዳረሰም፤ በአደን ጠመንጃና በመጥረጊያ እንጨት የሠለጠነ ብዙ ነበር።

በ1968 ይህን ወደ ኮሜዲ መለወጥ ድፍረት ይጠይቅ ነበር። ጦርነቱ ካበቃ ገና 23 ዓመቱ ነው፤ ባሏንና ልጇን የቀበረች ሴት ቴሌቪዥኑ ፊት ተቀምጣለች። በቢቢሲ ውስጥም ሥጋት ነበር። የጣቢያው ኃላፊ ፖል ፎክስ፣ በመክፈቻው ላይ የናዚ ወታደሮችና የስደተኞች እውነተኛ ምስል መታየቱን ተቃወመ። ክሮፍት ምስሉን አወጣ፤ ፕሮግራሙ ሐምሌ 31 ቀን 1968 ተጀመረ። እስከ 1977 ድረስ 80 ክፍሎች ተላለፉ። በደመቀበት ዘመን እስከ 18 ሚሊዮን ተመልካች ነበረው።

ተመልካቹ ያልተቆጣበት ምክንያት ቀልዱ ያረፈበት ቦታ ነው። ማነሪንግ በሰላሙ ጊዜ የባንክ ሥራ አስኪያጅ ነው፤ ራሱን ሻምበል አድርጎ የሾመው ራሱ ነው። የበታቹ ሃምሳ አለቃ ዊልሰን ደግሞ በባንኩም የበታቹ ነው፤ በትውልድ ግን የመሳፍንት ወገን ነው። ማነሪንግን ይህ ዘወትር ያንገበግበዋል። ሰው የሚስቀው በዚህ ጉራ፣ በዚህ የመደብ ቅናት ነው። ጀርመን ዛሬ ቢመጣ ግን ማነሪንግ ባዶ እጁንም ቢሆን ባሕሩ ዳር ከመቆም እንደማያፈገፍግ ተመልካቹ አይጠራጠርም። ክሮፍትና ፔሪ በሰውየው ከንቱነት ሳቁ፤ በጀግንነቱ አልሳቁም።

ተዋንያኑም ጦርነትን በወሬ የሚያውቁ አልነበሩም። ገራገሩን አዛውንት ጎድፍሬን የተጫወተው አርኖልድ ሪድሊ በአንደኛው የዓለም ጦርነት ሶም ላይ ክፉኛ ቆስሏል። አሮጌውን ባለ ሥጋ ቤት ጆንስን የሆነው ክላይቭ ደን በጀርመኖች እጅ ዓመታትን በምርኮ አሳልፏል። በአንድ ክፍል ላይ ጎድፍሬ በአንደኛው ጦርነት መሣሪያ አልይዝም ያለ ሰው መሆኑ ሲታወቅ ጓዶቹ ይርቁታል። በኋላ እቤቱ ሲሄዱ ሜዳልያ የለበሰበትን ፎቶግራፍ ያያሉ። መሣሪያ አልያዘም፤ ግን ሶም ላይ ቃሬዛ ይዞ በጥይት መካከል ቁስለኛ ያወጣ ነበር። በዚያ ምሽት ተመልካቹ ሲስቅ ቆይቶ ዝም አለ።

ክሮፍት ከዚያ በኋላ አላረፈም። ከጄረሚ ሎይድ ጋር የሠራው የልብስ መደብር ኮሜዲ «አር ዩ ቢይንግ ሰርቭድ?» ለመጀመሪያ ጊዜ የታየው መስከረም 1972 ነው። በሙኒክ ኦሊምፒክ በእስራኤላውያን ላይ በደረሰው ጥቃት ውድድሩ ተስተጓጉሎ የስርጭት ክፍተት ሲፈጠር እንደ መሙያ ነበር የገባው፤ እስከ 1985 ዘለቀ። ከፔሪ ጋር የመዝናኛ ካምፑን ሕይወት «ሃይ ዲ ሃይ» ብለው አቀረቡ። ከሎይድ ጋር ደግሞ በናዚ የተያዘችውን ፈረንሳይ በ«አሎ አሎ» የቀልድ መድረክ አደረጓት። የጀግኖችን ትግል ማቃለል ነው ያሉ ነበሩ። እሱ ግን ትግሉን ሳይሆን ትግሉን ያጋነኑ የቴሌቪዥን ድራማዎችን ነበር የሚያሾፍባቸው።

የክሮፍት መለኪያ የተሰበረበትም ሥራ አለ። ከ1974 እስከ 1981 የታየው «ኢት ኤንት ሃፍ ሆት ማም» በሕንድና በበርማ የነበሩ የእንግሊዝ ወታደሮችን የመዝናኛ ቡድን ያሳያል። ክሮፍትም ፔሪም በሕንድ አገልግለዋልና የወታደሩን ኑሮ ያውቁታል። ሆኖም ዋናውን ሕንዳዊ ገጸ ባሕርይ ፊቱን ቀለም ተቀብቶ የተጫወተው እንግሊዛዊው ማይክል ቤትስ ነው። ደራሲዎቹ በጊዜው ለሚናው የሚሆን ሕንዳዊ ተዋናይ አላገኘንም ብለው ተከራከሩ። ቤትስ ሕንድ ውስጥ ተወልዶ ቋንቋውን መናገሩም ይጠቀሳል። ዛሬ ግን ቢቢሲ ያንን ተከታታይ ደግሞ አያሳይም።

ልዩነቱ ግልጽ ነው። ማነሪንግ ላይ የሳቀው የማነሪንግ ወንድም ነው፤ ሳቁ ወደ ራስ የሚመለስ ነው። በሕንዱ ታሪክ ግን በአንድ በኩል ጌታው፣ በሌላ በኩል አገልጋዩ አሉ፤ ብዕሩም ካሜራውም በጌታው እጅ ነው። ደራሲዎቹ የቅኝ ገዢውን ጉራ ለማሳቅ ፈልገው ሊሆን ይችላል፤ ብዙ ጊዜም ተሳክቶላቸዋል። ነገር ግን የሚሳቅበት ሰው ራሱ በሌለበት ጠረጴዛ ላይ የተጻፈ ቀልድ፣ ምንም ያህል በፍቅር ቢጻፍ፣ እያደር ይጎመዝዛል። አንዱ ዕድሜ እየጨመረ የተወደደው፣ ሌላው መጋዘን የገባው በዚህ ነው።

ክሮፍት መስከረም 27 ቀን 2011 ፖርቱጋል ውስጥ በ89 ዓመቱ አረፈ። ከእያንዳንዱ ፕሮግራሙ መጨረሻ ላይ «ሲመለከቱ የነበሩት» የሚል ጽሑፍ አስቀድሞ፣ ተዋንያኑን አንድ በአንድ ከነስማቸው ማሳየት ልማዱ ነበር። በ1977 የመጨረሻው የ«ዳድስ አርሚ» ክፍል ሲያበቃም ሽማግሌዎቹ ጦረኞች መጠጣቸውን አንሥተው ወደ ካሜራው ዞሩና ለእውነተኛው ሆም ጋርድ አባላት ክብር ጠጡ። ዘጠኝ ዓመት ሙሉ የሳቁባቸውን ሰዎች እንዲህ አመስግነው ተሰናበቱ።