ምኒልክ፦ በአንጎለላ የወጣ ስም

በኢትዮጵያ ደጋማ አገሮች ክርስቲያኖች ዘንድ አንድ ሰው ከአንድ በላይ ስም መያዙ የቆየ ልማድ ነው፤ ወላጆች የሚያወጡት የዓለም ስም፣ ወንድ ልጅ በአርባ ሴት ልጅ በሰማንያ ቀኗ ስትጠመቅ ከካህኑ የሚሰጠው የክርስትና ስም፣ መኳንንትና ጦረኞች በሚጋልቡት ፈረስ የሚጠሩበት የፈረስ ስም፣ ለነገሠ ሰው ደግሞ ከዘውዱ ጋር የሚመጣው ስመ መንግሥት በአንድ ሰው ላይ ሊደራረቡ ይችላሉ። ደብረ ብርሃንን በ15ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የመሠረታት ዘርዐ ያዕቆብ በስመ መንግሥቱ ቆስጠንጢኖስ ይባል ነበር፤ ከእርሱ ከአራት መቶ ዓመታት በኋላ ሸዋን የገዛው ሣህለ ሥላሴም በፈረስ ስሙ አባ ዲና ተብሎ ይታወሳል። በዚህ ልማድ ውስጥ ስመ መንግሥት ከሌሎቹ የሚለየው አንድ ገዥ ማንን እንደሚመስልና ከየት እንደሚወለድ ለሕዝብ የሚያውጅበት በመሆኑ ነው፤ ስለዚህም ከልጅነቱ የተጠራበትን ስም ሳይለውጥ ወደ ዘውድ የወጣው ዳግማዊ ምኒልክ ከሥርዓቱ ወጣ ያለ ጉዳይ ሆኖ ይገኛል።

ስሙን ለመረዳት በመጀመሪያ ያወጣለትን ቤት ማየት ይገባል። በነጋሲ ክርስቶስ የተጀመረው የሸዋ መስፍናዊ ቤት ጎንደር በዘመነ መሳፍንት በተዳከመችበት ጊዜ ከመንዝ ወደ ደቡብና ወደ ምሥራቅ እየሰፋ ሄደ። ገዥዎቹ መርድ አዝማች የሚል የጦር አለቃ ማዕረግ ይይዙ ነበር፤ ከመካከላቸው አምኃ ኢየሱስ አንኮበርን መናገሻ አደረጋት። ከእርሱ ቀጥለው የገዙት ልጁና የልጅ ልጁ አስፋ ወሰንና ወሰን ሰገድ የተባሉት ነበሩ። የመጀመሪያው ስም ድንበር እንዲሰፋ የሚያዝ፣ ሁለተኛው ደግሞ ድንበሩ መስገዱን የሚናገር ስለሆነ፣ ስሞቹን በተከታታይ ያነበበ ሰው የቤቱን ዓላማ ሌላ ሰነድ ሳያገላብጥ ሊረዳው ይችላል። የወሰን ሰገድ ልጅ ሣህለ ሥላሴ፣ ከ1805 ዓ.ም. ጀምሮ ሥልጣን የያዘው፣ በመርድ አዝማችነት ሳይወሰን ንጉሥ ተብሎ የተጠራ የመጀመሪያው የሸዋ ገዥ ሆነ፤ ከእንግሊዝ መንግሥት ጋር በ1834 ዓ.ም. የወዳጅነት ውል ሲፈራረምም የቀረበው እንደ ሉዓላዊ ገዥ ነበር። የቀረው የጎንደር ነገሥታት ይዘውት የኖሩት የሰሎሞናዊነት ክብር ነበር።

ምኒልክ የሚለው ስም መነሻው እዚሁ ክብር ላይ ነው። በ14ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጀመሪያ የአክሱሙ ንቡረ እድ ይስሐቅ በግእዝ ያዘጋጀው ክብረ ነገሥት የንግሥተ ሳባንና የሰሎሞንን ልጅ በብዛት የሚጠራው በይነ ልሕክም እያለ ነው። ይህም ኢብን አል ሐኪም ከሚለው የዐረብኛ አጠራር የመጣ ሲሆን ትርጓሜው የጠቢቡ ልጅ ማለት ነው፤ ልጁ ኢየሩሳሌም ሄዶ አባቱ ሲያነግሠው የሚሰጠው ስመ መንግሥት ደግሞ ዳዊት ነው። ምኒልክ የሚለው ቅርጽ ከዚሁ ስም በአፍ ሲነገር የተለወጠ እንደሆነ ሊቃውንት ይገምታሉ። ክብረ ነገሥት ለሰሎሞናዊው ሥርወ መንግሥት መሠረት ሆኖ ሳለ፣ ይኩኖ አምላክ በ1262 ዓ.ም. ከነገሠ ጀምሮ እስከ 19ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ድረስ ከነገሡት መካከል ይህን ስም የወሰደ አለመገኘቱ የሚያስገርም ነው። ዳዊት፣ ይስሐቅ፣ ያዕቆብ፣ ቆስጠንጢኖስ የመሳሰሉት ተደጋግመው ተወስደዋል፤ የሥርወ መንግሥቱ አባት ስም ግን ለመወሰድ የተከበደ ይመስላል፤ የሚወስደው ሰው ራሱን የመጀመሪያው ሳይሆን ዳግማዊ፣ ማለትም የመሥራቹ ሁለተኛ አድርጎ ማቅረብ ነበረበትና።

ሸዋ ይህን ክብደት ለመሸከም የደፈረው ነሐሴ 12 ቀን 1836 ዓ.ም. ሣህለ ሥላሴ በመሠረታት በአንጎለላ ከተማ፣ ከልጁ ከኃይለ መለኮትና በቤተ መንግሥቱ አገልጋይ እንደነበረች ከሚነገርላት ከእጅጋየሁ ወንድ ልጅ በተወለደ ጊዜ ነው። በሸዋ የቆየው ትውፊት እንደሚለው፣ በመሳፍንት ልጅና በአገልጋይ መካከል የተፈጠረው ነገር ሰው ያወራበታልና ሕፃኑ ምን ይልህ ሸዋ ይባል ሲባል፣ ንጉሡ የቃሉን ድምፅ ይዞ ትርጉሙን በመለወጥ ምኒልክ እንዲሉት አዘዘ። ሣህለ ሥላሴ ስሙን አስቀድሞ ለራሱ ሊይዘው እንዳሰበና አንድ መነኩሴ ስሙ ለልጅ ልጅህ ነው ብሎ እንደመከረው የሚናገር ሌላ ትውፊትም አለ። እነዚህ ታሪኮች የተስፋፉት የንጉሠ ነገሥቱ ዝና ከጸና በኋላ በመሆኑ ትንቢትነታቸውን መጠርጠር ተገቢ ነው። በስሙ ጥንታዊነት ላይ ግን ጥርጣሬ የለም፤ ልጁ ገና ሥልጣን ሳይኖረው ምኒልክ ይባል ነበርና፣ የክርስትና ስሙ ሣህለ ማርያም ሲሆን ንጉሥ ሆኖ ያገለገለበት ግን አልነበረም።

በዚያው ዘመን ሌላ ስም ከሰሜን ወደ ሸዋ እየገሰገሰ ነበር። የቋራው ካሣ በየካቲት 1847 ዓ.ም. ሲነግሥ ቴዎድሮስ የሚለውን ስመ መንግሥት የወሰደው፣ ፍካሬ ኢየሱስ በተባለው የትንቢት መጽሐፍ ውስጥ ፍትሕ ያመጣል ተብሎ የሚጠበቅ ንጉሥ በዚህ ስም ስለሚታወቅ ነው። የቴዎድሮስ ሠራዊት በ1848 ዓ.ም. መጀመሪያ ሸዋ ገባ፤ ኃይለ መለኮትም በዚያው ጊዜ በሕመም ሞተ። የአሥራ አንድ ዓመቱ ምኒልክ ተማርኮ ወደ መቅደላ ሲወሰድ፣ የወደፊቱ ትንቢት ባለቤት የሩቁን አባት ስም የያዘውን ልጅ በእጁ አስገባ። ቴዎድሮስ ሴት ልጁን አልጣሽን እስከ መዳር ድረስ ያሳደገው ቢሆንም፣ ምኒልክ በ1857 ዓ.ም. ከመቅደላ አምልጦ ሸዋ ተመለሰ፤ ቀጥሎም ራሱን ንጉሠ ነገሥት ማለት ጀመረ።

ከዚያ በኋላ ያለው የማዕረግ ክርክር እንጂ የስም ክርክር አልነበረም። በመጋቢት 1870 ዓ.ም. ደብረ ብርሃን አቅራቢያ በምትገኘው ልቼ በተደረገው ስምምነት ምኒልክ የንጉሠ ነገሥትነት ማዕረጉን ለአፄ ዮሐንስ ለቅቆ ንጉሠ ሸዋ ሆኖ ቀረ። ዮሐንስ በመጋቢት 1881 ዓ.ም. በመተማ ከወደቀ በኋላ፣ ጥቅምት 25 ቀን 1882 ዓ.ም. ምኒልክ በእንጦጦ ማርያም ሲቀባ አዲስ ስመ መንግሥት አላስፈለገውም፤ ካሣ ቴዎድሮስ፣ ሌላው ካሣ ዮሐንስ፣ በኋላም ተፈሪ ኃይለ ሥላሴ ሲባሉ፣ ምኒልክ ግን ዘውዱን የጫነው ከአርባ አምስት ዓመት በፊት በአያቱ በተሰጠው ስም ነው። ዳግማዊ የሚለው ቅጽል ብቻ ተጨመረበት።

የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. የተደረገው የዐድዋ ድል ስሙን ከአገር አወጣው። የሄይቲ ተወላጁ ቤኒቶ ሲልቫን በ1889 ዓ.ም. ወደ አዲስ አበባ መጥቶ ንጉሠ ነገሥቱን ጎበኘ፤ ለጥቁር ሕዝቦች መብት በሚታገሉ ሰዎች ዘንድም ምኒልክ የነፃነት ምልክት ሆነ። በእንግሊዝኛ ተናጋሪ አገሮች ይህ ስም ዛሬም ብርቅ ነው፤ በላቲን ፊደል በአንድ መልክ አለመጻፉም ለእንግድነቱ ምስክር ነው። ያም ሆኖ በባርባዶስ ተወልዶ በእንግሊዝ አገር የሠራው የፊልም ዳይሬክተር ምኒልክ ሻባዝ የሚታወቀው በዚህ ስም ነው፤ ካሜሩናዊ ዝርያ ያለው አንድ የፈረንሳይ ራፐርም የመድረክ ስሙ አድርጎታል። አንጎለላን የማያውቅ ሰው ስሙን ሲወስድ የሚያስታውሰው ዐድዋን እንጂ የሸዋን የሰሎሞናዊነት ጥያቄ አይደለም፤ ስሙ ከተሰጠበት ምክንያት የራቀውም እዚህ ላይ ነው።

በአገር ውስጥ ግን ምክንያቱ ረዘም ላለ ጊዜ ቆየ። ሐምሌ 9 ቀን 1923 ዓ.ም. የወጣው የመጀመሪያው ሕገ መንግሥት በሦስተኛው አንቀጹ ዙፋኑ ከንጉሥ ሣህለ ሥላሴ በሚወለደው በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዘር እንዲጸና ደነገገ፤ የዚህንም ዘር ሐረግ ሳይቋረጥ እስከ ሰሎሞንና ንግሥተ ሳባ ልጅ እስከ ቀዳማዊ ምኒልክ አደረሰው። ኃይለ ሥላሴ ከሣህለ ሥላሴ የሚወለደው በአባቱ በራስ መኰንን እናት፣ የንጉሡ ልጅ በነበረችው በወይዘሮ ተናኘ ወርቅ በኩል ነው። ስለዚህ ስሙን ያወጣው አያትና ስሙ የተወረሰበት የሰሎሞን ልጅ በአንድ አንቀጽ ሲገናኙ፣ በመካከል ያለውና ስሙን ለዓለም ያሳወቀው ዳግማዊ ምኒልክ ከአንቀጹ ውጭ ቀረ።