ታንኳና መረብ በጣና ሐይቅ

ጣና ከባሕር ወለል በላይ 1,800 ሜትር ያህል ከፍ ብሎ የተኛ፥ ስፋቱም ወደ 3,000 ካሬ ኪሎ ሜትር የሚጠጋ ሐይቅ ነው። የጢስ ዓባይ ፏፏቴ ሐይቁን ከታችኛው ወንዝ ስለ ለየው፥ በጁባ በኩል በሚወርደው በነጭ ዓባይ የሚገኘው ግዙፉ የናይል ፐርች በጣና የለም። በጣና ግን 15 ያህል የባርበስ ዓሣ ዓይነቶች ለብቻቸው ተለይተው ይኖራሉ።

የዚህ ሐይቅ ጥንታዊ አጥማጅ ነገደ ወይጦ ነው። ቀድሞ ጉማሬ አዳኝም ነበር፤ ሥጋውንም በመብላቱ ጎረቤቱ ከማዕዱ አርቆታል። ታንኳው ከደንገል ታስራ ትሠራለች። ደንገሉ ውኃ እየጠጣ ስለሚከብድ፥ ታንኳይቱ ከሥራ በኋላ ወደ ዳር ወጥታ በፀሐይ ትደርቃለች፤ ስታረጅም በአዲስ ትተካለች። የፖርቱጋል ሚሲዮናውያን በ17ኛው መቶ ዓመት፥ እንግሊዛዊው ቺዝማንም በ1936 (ዘመኑ ሁሉ በአውሮጳ አቆጣጠር ነው) ባሳተመው መጽሐፍ ታንኳን ገልጸዋል። አጥማጁ በመንጠቆና በመረብ፥ አንዳንዴም በተወቀጠ የብርብራ ፍሬ ዓሣውን እያደነዘዘ፥ ከዳር ብዙ ሳይርቅ ይሠራ ነበር።

በ1986 የሞተር ጀልባና የናይሎን መረብ ገባ። ለዚህ ሥራ ከረዱት አንዱ በሆላንድ አገር የኡርክ ሰዎች ማኅበር ነበር። ኡርክ ራሷ የዓሣ አጥማጆች ደሴት ነበረች። ሄሪንግ የሚባለው ዓሣ በየጸደዩ ሊራባ ወደ ዞይደርዜ ባሕር ይገባላት ነበር። በ1932 ግድብ የባሕሩን በር ሲዘጋው፥ የዚያ ባሕር ሄሪንግ በጥቂት ዓመታት ጠፋ።

የጣናም ባርበስ ቀጠሮ አለው። ብዙ ዓይነት በክረምት ሊራባ በጉማራ፥ በርብና በሌሎች ወንዞች አፍ ተሰብስቦ ሽቅብ ይወጣል። አጥማጁም ይህን ስለሚያውቅ መረቡን በዚያው ይዘረጋል። ተመራማሪዎች የ1991ንና የ2001ን ምርት ቢያስተያዩ፥ የባርበሱ ምርት ከአራት እጅ ሦስቱን እጅ ያህል ጎድሎ አገኙት።

ታንኳ ዓሣውን የጠበቀችው ባለቤቷ ርኅሩኅ ስለ ነበረ አይደለም፤ ዐቅሟ አጭር ስለ ነበረ ነው። ዐቅም በረዘመ ጊዜ ልክን የሚያበጀው ሕግና ዕውቀት ነው። ሕጉ በ2003 በወጣው በዓሣ ሀብት ልማትና አጠቃቀም አዋጅ ቁጥር 315 ተጽፏል። ዕውቀቱ ግን በአዋጅ አይሰጥም፤ በሐይቁ ዳር ያለው ልጅ ዓሣው ለምን ሽቅብ እንደሚወጣ በትምህርት ቤት ሊማረው ይገባል።