የፑንትን መንገድ በሁለት ጫፍ የፈለጉ ሊቅ

የጥንት ግብፃውያን «ፑንት» ወደሚሉት አገር በመርከብ እየሄዱ ዕጣን፣ ወርቅ፣ ዞጲና ዝንጀሮ ያመጡ ነበር። አገሩ በየት በኩል እንደ ሆነ ግን ለይተው አልጻፉልንም። ስለዚህ ብዙ ሰው «ፑንት ማለት የእኛ አገር ናት» ይላል። ነገሩ ደስ ያሰኛል፤ ነገር ግን ታሪክ የሚቆመው በምስክር እንጂ በምኞት አይደለም። ይህን በሥራቸው ካስተማሩን ሊቃውንት አንዱ ፕሮፌሰር ሮዶልፎ ፋቶቪች ናቸው። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ፋቶቪች በ1945 በኢጣልያ ተወለዱ፤ በናፖሊ ከተማም የዩኒቨርሲቲ መምህር ሆኑ። በግብፅ ምድር ቈፈሩ፤ ከ1980 ጀምሮ በሱዳን በከሰላ አጠገብ መረመሩ፤ ከ1993 ጀምሮ ደግሞ ከአሜሪካዊቷ ሊቅ ከካትሪን ባርድ ጋር በአክሱም፣ በቤተ ጊዮርጊስ ኮረብታ ላይ ሠሩ። በዚህም አንዱን ጥያቄ ከግብፅ በኩልም ከእኛ በኩልም ተከታተሉት።

ታላቁ ግኝት የመጣው በ2001 በቀይ ባሕር ዳር፣ መርሳ ጋዋሲስ በተባለው የግብፅ ቦታ ሥራ ከጀመሩ በኋላ ነው። በዚያ ከዐለት በተፈለፈሉ ዋሻዎች ውስጥ የመርከብ ሳንቃና የዕቃ ሣጥኖች ተገኙ። መርከበኞቹ ጠቅልለው ያስቀመጡት ገመድም፣ ልክ በቅሎ ጫኝ መጫኛውን ጠቅልሎ እንደሚያስቀምጠው፣ 3,800 ዓመት ያህል ሳይፈታ ቈይቷል። በሣጥን ላይ የንጉሥ አመነምሐት 4ኛ ስምና «የፑንት ድንቅ ነገሮች» የሚል ቃል ተጽፎ ነበር። ስለዚህ ግብፃውያን ወደ ፑንት በባሕር መጓዛቸው በተጨባጭ ዕቃ ተረጋገጠ።

ታዲያ ፑንት የት ነበረች? ፋቶቪች ወደ ምሥራቅ ሱዳን፣ ወደ ኤርትራና ወደ ሰሜን ኢትዮጵያ አካባቢ አመለከቱ። ሌሎች ሊቃውንትም በግብፅ የተገኙ የዝንጀሮ ሬሳዎችን መርምረው፣ አንዳንዶቹ ከኤርትራ፣ ከኢትዮጵያና ከሶማሊያ አካባቢ እንደ መጡ በ2020 ገለጡ። እዚህ ላይ እኛ የደባርቅና የዳባት ልጆች መጠንቀቅ ይገባናል። የተመረመረው በሊማሊሞ ገደል የምናየው ጭላዳ አይደለም፤ ሌላ ዐይነት ዝንጀሮ ነው። ስለዚህ «የስሜን ዝንጀሮ ለፈርዖን ተላከ» ብለን ልናወራ አንችልም።

ፋቶቪች በ2018 ዐረፉ፤ ክርክሩ ግን ገና አላለቀም። ውድ ወላጆችና ተማሪዎች ሆይ፤ በእርሻ ላይ አሮጌ ገል ወይም የተጠረበ ድንጋይ ብናገኝ ከቦታው ሳናነሣ ለሚመለከተው እንንገር። ከቦታው የተነሣ ገል የሸክላ ስባሪ ብቻ ነው፤ በቦታው ያለ ገል ግን ይመሰክራል። የአገራችንን ጥንታዊነት የሚያስከብረው እንዲህ ያለው ምስክር ነውና።