የዜማ ምልክትና የማይታየው አገር

ዓይን ያላየው አገር በምን ይሣላል? አባቶቻችን በቀለም ብቻ ሳይሆን በድምፅም ሥለውታል። በምዕራብ አዲስ አበባ «ኮልፌ ቀራንዮ» ስንል የኢየሩሳሌምን ኮረብታ ስም በገዛ ምድራችን ላይ እንጠራለን። ቅዱስ ያሬድም በ6ኛው መቶ ዓመት፥ በዓፄ ገብረ መስቀል ዘመን፥ ገድሉ እንደሚነግረን በሦስት አዕዋፍ መሪነት ወደ ሰማያዊት ኢየሩሳሌም ተነጥቆ የሰማውን፥ በግዕዝ፥ በዕዝልና በአራራይ ለአክሱም አሰማ።

ነገር ግን ድምፅ ጠፊ ነው። ከ1521 እስከ 1535 ዓ.ም. በነበረው ጦርነት ብዙ መጻሕፍት ከተቃጠሉ በኋላ፥ በዓፄ ገላውዴዎስ ዘመነ መንግሥት አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል የድጓውን ምልክት እንዳደራጁ ይነገራል። ስምንቱ ምልክቶች፥ ማለት ይዘት፥ ደረት፥ ሂደት፥ ጭረት፥ ድፋት፥ ቅናት፥ ቁርጥና ርክርክ፥ ለዜመኛው መንገድ መሪዎች ናቸው፤ ድፋት ድምፁን ዝቅ ያደርገዋል፥ ቁርጥ ያቋርጠዋል፥ ርክርክ ያርገበግበዋል።

ይሁን እንጂ ምልክቱን ያየ ሁሉ አገሩን አይደርስበትም። ከመምህር እግር ሥር ተቀምጦ ዜማውን በጆሮው ላልተቀበለ ሰው ብራናው ዝም ይላል። ስለዚህ መጽሐፉን በቤተ መዘክር ማኖር ብቻ አይበቃንም፤ መምህሩ ሳያልፍ ድምፁን የሚረከብ ተማሪ ማፍራት የሁላችንም ዕዳ ነው።