«ፒያሳ» እና «አይጠየፍ»

ባለፈው ሰሞን ከኮምቦልቻ ወደ ደሴ በሚኒባስ ስወጣ አጠገቤ የተቀመጠ ወጣት «ጋሼ፣ ደሴ ላይ የሚጎበኝ ምን አለ?» አለኝ። ለአገሩ እንግዳ ነው። አይጠየፍን፣ ቦሩ ሜዳን፣ ሙዚየሙን ልዘረዝርለት ስዘጋጅ ረዳቱ ቀደመኝና «ፒያሳ ነዋ!» ብሎ አረፈው። ተሳፋሪው ሁሉ ሳቀ፤ እኔም ሳቅሁ። በኋላ ግን ነገሩ ከነከነኝ። ሥነ ጽሑፍ ሲያስተምር የኖረ ሰው መቼም በስም ነገር ክፉ አመል አለበት።

እስቲ ስሞቹን እንያቸው። ሰኞ ገበያና ሮቢት የገበያ ቀን ያወጣላቸው ስሞች ናቸው። ኮምቦልቻ በኦሮምኛ የዛፍ ስም ነው። ደሴን «ደስታዬ» ሲሉ የሰየሟት አጤ ዮሐንስ ናቸው ይባላል። «ፒያሳ»ን ግን የተወልን በቦምብ የመጣ እንግዳ ነው። ኅዳር 26 ቀን 1928 ዓ.ም. የጣሊያን አውሮፕላኖች ደሴን ሲደበድቡ የቀይ መስቀል ምልክት ያለበትን የአሜሪካውያን ሆስፒታል እንኳ አልማሩም። ንጉሠ ነገሥቱም ያኔ እዚያው ከተማ ነበሩ። ሚያዝያ 7 ቀን የጠላት ጦር ደሴ ገባ።

እንግዳው መንገድ ሠራ፤ ከአስመራ በደሴ በኩል አዲስ አበባ፣ በኮምቦልቻ በኩል ደግሞ አሰብ። ለእኛ ብሎ ግን አልነበረም። የፋሺስቱ መንግሥት ሕልም የራሱን ገበሬ አምጥቶ መሬታችን ላይ መትከል ነበር። ወገራ ላይ «የኢትዮጵያ ሮማኛ»፣ ጨርጨር ላይ «የኢትዮጵያ ፑሊያ» እያለ በአገሩ አውራጃዎች ስም የእርሻ ሰፈራ ጀመረ። ዕቅዱ ብዙ፣ የመጣው ገበሬ ግን ጥቂት ሆነ። ሚያዝያ 18 ቀን 1933 ዓ.ም. ደሴ ከጣሊያን እጅ ወጣች፤ በዚያው ዘመን ሰፈራውም አከተመ። ዛሬ ወገራ ሄዳችሁ «ሮማኛ የት ነው?» ብትሉ የሚያሳያችሁ ማግኘታችሁን እጠራጠራለሁ።

መንገዱ ግን ቀረ። ኮምቦልቻን የፋብሪካ ከተማ ካደረጓት ነገሮች አንዱ ይኸው መገናኛነቷ ነው። በጎውን በጎ ማለት ነውር የለውም፤ ድንጋይ የፈለጠውና አፈር የዛቀው የእኛም ሰው መሆኑን ካልረሳን።

አሁን ወደ አይጠየፍ ልምጣ። በ1870 ዓ.ም. በቦሩ ሜዳ ጉባኤ ማግስት የወሎ ሙስሊም ሃይማኖቱን እንዲለውጥ ሲታዘዝ፣ መሐመድ አሊ ተጠምቀው ሚካኤል ተባሉ። አዋጁ ብዙ ሰው አስለቅሷል፤ ሼህ ጦልሃን የመሰሉ ሰዎችም በእንቢታ ተነሥተዋል። ታሪካችን ማር ብቻ አይደለም። እኚሁ ሰው ግን በኋላ፣ በ1906 ዓ.ም. ንጉሥ የተባሉት ሚካኤል፣ ደሴ ላይ የግብር አዳራሽ አሠሩና ስሙ «አይጠየፍ» ተባለ። ክርስቲያኑም ሙስሊሙም በየሥርዓቱ የሚስተናገድበት ስለሆነ ነው ይላሉ አባቶች። በስሙ የተመለሰላቸው አንዳች የቆየ ዕዳ ነበር ብዬ የማስበው እኔ ነኝ፤ ታሪክ ጸሐፊ ሊሞግተኝ ይችላል።

ታዲያ ቅርስ በራሱ አይጠበቅም። በ2014 ዓ.ም. ደሴ በጦርነቱ በተያዘች ጊዜ ሙዚየሟ ተዘርፏል። ዕቃ ይዘረፋል። ስም ግን የሚዘረፈው ትርጉሙን የሚነግር ሰው ሲጠፋ ነው።

ያን ወጣት ከሚኒባስ ወርደን አይጠየፍ ድረስ ወሰድኩት። ቀና ብሎ አየውና «ጋሼ፣ ለምን አይጠየፍ አሉት?» አለኝ። ፒያሳ ለምን ፒያሳ እንደተባለ አልጠየቀኝም ነበር፤ ማንም አይጠይቅም፤ በጣሊያንኛ «አደባባይ» ማለት ነው፣ አለቀ። የአይጠየፍ መልስ ግን ረጅም ነው። አጥሩ ሥር ተቀምጠን ከቦሩ ሜዳ ጀመርኩለት።

ለልጆቻችን የምንነግረው አያሳጣን።